የተውሶ ድንኳን

"ገመዱን እስቲ ትንሽ አላሉት" አለች ጽናት፣ በአንድ እጇ የድንኳኑን ምሰሶ፣ በሌላው የቀዘቀዘ ሻይ የሞላበት ጆግ እንደያዘች። "እንዲህ የተወጠረ ድንኳን የሠርግ ነው። ለቅሶ ላይ ያለ ሰው ገመድ የሚወጥርበት ልብ የለውም።"

ሠራተኞቹ ገመዱን አላሉት። ድንኳኑ መሐሉ ላይ ረገብ አለና ደክሞት ቁጭ ያለ ሰው መሰለ። ጽናት ሻዩን በእፍኟ እየጨለፈች አዲስ የተጣፈው ሸራ ላይ ትረጨው ጀመር። ነጩ መጣፊያ ቀስ በቀስ ወየበና ከአሮጌው ጋር ተመሳሰለ። ሁለት እርምጃ ወደኋላ ብላ አየችው፣ ዓይኗን ጨፍና ገለጠችና በቃ አለች።

ነሐሴ ሊያልቅ ጥቂት ቀን ቀርቶታል። ደሴ ገና አልነቃችም፤ ሆጤ ሰፈር ውስጥ የነቁት የፊልም ሠራተኞቹና ዶሮዎች ብቻ ናቸው። ጦሳ ተራራ እስከ ወገቡ ጉም ለብሶ ተቀምጧል። ጉሙ ወደ ሰፈሩ ይውረድ አይውረድ ገና አልወሰነም። ዳይሬክተሩ ምንተስኖት ይህን ጉም ሲጠብቅ ሰንብቷል፤ ለቀስተኞቹ ከጉም ውስጥ አንድ በአንድ እየወጡ ወደ ድንኳኑ እንዲገቡ ይፈልጋል። ጉሙ ግን ሲመጣ ዝናብ ይዞ ይመጣል፤ ዝናቡ ሲያባራ እሱም ተከትሎት ይሄዳል።

የፊልሙ ፕሮዳክሽን ዲዛይነርም ፕሮዳክሽን ማናጀርም ጽናት ነበረች። ሁለት ሰው መቅጠር ከብዷቸው አንዷን ለሁለት ከፈሏት ብትሉ አትሳሳቱም። ዲዛይነሯ ጽናት፣ ጉሙን እንጠብቅ፣ ያለ ጉም ይህ ድንኳን ሸራ ብቻ ነው ትላለች። ማናጀሯ ጽናት፣ ምሳ የሚበላው ሰው ብዛት ይህን ያህል ነው፣ ተዋናዮቹ ወደ አዲስ አበባ መመለሻቸው ደርሷል፣ ነይ እናጠናቅቅ ትላለች። ሁለቱ ሲጨቃጨቁ ያድሩና ጠዋት ቀልቶ የሚታየው ዓይን ግን የአንዷ ነው።

ወደዚህ ሙያ የገባችው ሳታስበው ነው። አዲስ አበባ አክስቷ ቤት ሳለች የፊልም ሰዎች ሳሎኑን ለሁለት ቀን ተከራዩት። ሶፋውን ገለበጡት፣ መጋረጃውን አወረዱት፣ ጠረጴዛውን ግቢ አወጡት። አክስቷ በሁለተኛው ቀን ሥራ ውላ ስትመለስ ግን ቤቱ ትታው እንደሄደችው ነበር፤ የሶፋው እግር እንኳ ምንጣፉ ላይ ያለችውን የድሮ ስርጉድ አልሳተም። ሁሉን የመለሰችው ጽናት ነበረች። ይህን ያየ ሰው በማግስቱ ሥራ ሰጣት። ከዚያ ወዲህ የተዋሰችውን ሁሉ በነበረበት ቦታ የምትመልስ ሴት ተብላ ታወቀች፤ ለሌላ ሰው በሩን የማይከፍት ባለቤት ለእሷ ሳሎኑን ይሰጣታል። ይህንኑ ድንኳን እንኳ የሰፈሩ እድር፣ ድንኳናችን ለለቅሶ ብቻ ነው የሚወጣው ብሎ ሲያስቸግር ከርሞ በመጨረሻ አውሷታል።

ሙያውን ከየት እንዳመጣችው ሲጠይቋት ትስቃለች እንጂ አትናገርም። ያመጣችው ከእናቷ ነው። እናቷ ወይዘሮ ንጋቷ ከኮምቦልቻ ወደ ባቲ መውጫ ላይ ያለችውን ቤት ለዓመታት ሳትለውጥ አኑራታለች። መጋረጃው ሲያልቅ ያንኑ አበባ ያለበትን ጨርቅ ፈልጋ ታሰፋለች። የሶፋው እግር ሲሰበር አናጢ ትጠራለች እንጂ ሶፋ አትገዛም። የግቢውን የብረት በር ደግሞ በየዓመቱ ጳጉሜ ላይ ያንኑ አረንጓዴ ቀለም ትቀባዋለች። ዘንድሮም ከደሴ ቀለም እንድትገዛላት ልጇን አዛ፣ ቆርቆሮው ይኸው በፊልሙ መኪና ወንበር ስር ተቀምጧል።

ምክንያቱን የሚያውቅ ያውቀዋል። ባሏ ወርቅአፈራሁ የአሰብ መስመር ሾፌር ነበር። በዘጠና ዓመተ ምሕረት ግንቦት ላይ ጦርነቱ ሲነሳ እሱ ባሕሩ ዳር ነበር፤ መንገዱ ተዘጋ፣ እሱም አልተመለሰም። አንዱ ሾፌር አሰብ ጋራዥ ውስጥ ሲሠራ አይቼዋለሁ አለ። ሌላው በጀልባ ወደ የመን ተሻግሯል አለ። ሦስተኛው ምንም ሳይናገር መሬት መሬት አየ። ሞቷል ብሎ የነገራቸው የለም፣ አለ ብሎ የማለላቸውም የለም። እና ንጋቷ፣ ቤቱ ከተለወጠ መጥቶ ሳያውቀው ያልፍ ይሆናል ብላ በሩን ትቀባለች።

ጽናት ደግሞ የራሷ አላት። በሠራቻቸው ፊልሞች ሁሉ አንድ ቦታ ላይ አረንጓዴ በር አለ። አንዳንዴ የጀግናው ቤት በር ነው፣ አንዳንዴ በታክሲ መስኮት ለአፍታ ታይቶ የሚያልፍ ነው። ዳይሬክተሮች የእሷ አመል ነው ብለው ትተውታል። እሷ ግን የአማርኛ ፊልም በሲዲ ድንበር ይሻገራል ሲባል ሰምታለች። አንድ ቀን ከባሕሩ ማዶ፣ ሙቀት ባለበት ክፍል ውስጥ፣ ጸጉሩ የሸበተ ሰው ቴሌቪዥን ሲያይ በሩን አይቶ ቀጥ ብሎ ሲቀመጥ ታየዋለች። ሥራ በዝቶባት እንኳ ይህን ሰው ማየቷን አትተውም።

አሁን ግን ያ ሰው እዚሁ ድንኳኑ ውስጥ ነው። ምሰሶው ላይ፣ ጥቁር ጨርቅ በተነጠፈበት ጠረጴዛ አናት፣ ክንዱን የመኪናው መስኮት ላይ አስደግፎ በፎቶ ይስቃል። ሟቹን የሚጫወተውን ተዋናይ ፎቶ አሳጥበው ነበር፤ ትናንት እንደተነሳ የሚያስታውቅ፣ የሚያብለጨልጭ ሆነባት። ስለዚህ ባለፈው ሳምንት ኮምቦልቻ ወርዳ፣ የአባዬ ፎቶ መስታወቱ ተሰንጥቋል፣ ደሴ ወስጄ ላስቀይረው አለች። ንጋቷ ራሷ ከምስማሩ አውርዳ፣ በነጠላዋ ጫፍ ወልውላ ሰጠቻት። ጽናት ሳትናገር የተዋሰችው ዕቃ ይኸ ብቻ ነው። ለሥራው ስትል ነው ያደረገችው ብንል ግማሹ ውሸት ይሆናል። አባቷን ለአንድ ቀን እንኳ ተለቅሶለት ማየት ፈልጋ ነበር።

ሻዩን ረጭታ ስትጨርስ እማማ ራቢያ አንድ ሳፋ ንፍሮ በጨርቅ ሸፍነው ከጓሮ ብቅ አሉ። እማማ ራቢያ ድንኳኑ የተተከለበት ግቢ ጎረቤት ናቸው። ፊልም መሆኑን ሳምንቱን ሙሉ ሲነገራቸው ከርሟል፣ ታሪኩንም ከራሷ ከጽናት ሰምተዋል፤ አንድ ሰው ይሞታል፣ ለቅሶው ወንድሙ ቤት ተቀምጧል፣ ሌላ አገር ያለችው ሚስቱ ገና አልሰማችም።

"ፊልም መሆኑንማ አውቃለሁ ልጄ" አሉ ሳፋውን እያስቀመጡ። "ግን ድንኳን ተተክሎ እያየሁ ባዶ እጄን ልግባ ብል እግሬም እሺ አይለኝ።"

ጽናት አመስግና አንድ እፍኝ ዘገነች። እማማ ራቢያ ድንኳኑን ዞር ዞር ብለው አዩና የትናንቱ ሽማግሌ ዛሬም ይመጣ እንደሆነ ጠየቁ። ትናንት አመሻሽ ላይ ለሙከራ ሲቀርጹ አንድ ሽማግሌ ገብቶ ነበር። ፎቶው ፊት ቆመ፣ ኮፊያውን አወለቀ፣ ድምፅ ሳያሰማ ትከሻው እስኪንቀጠቀጥ አለቀሰ፣ ወጣ። ምንተስኖት በደስታ ሊያብድ ምንም አልቀረውም፤ ይህን ሰው ከየት አመጣችሁት አለ። ጽናት፣ አጃቢ ተዋናዮቹን የሚሰበስበው የደሴው ልጅ ሂሻም ያመጣው መሰላት። ሂሻም ደግሞ እሷ ያመጣችው መሰለው። ሁለቱም ምስጋናውን ተቀብለው ዝም አሉ።

"እኔንማ ሲወጣ አስቆመኝ" አሉ እማማ ራቢያ። "መቼ ተሰማ አለኝ፣ ትናንት አልኩት። ሚስቱስ አለኝ፣ እሷ ሌላ አገር ናት፣ ገና አልተረዳችም አልኩት። እንደዛ አይደል ታሪኩ?"

"እንደዚያ ነው። ስሙን ነገረዎት?"

"ሰይድ ነኝ አለ። በአሰብ መስመር የሱ ረዳት ነበርኩ አለኝ። ፊልሙ ውስጥ እንደዛ የሚል መስሎኝ፣ አቤት ስትችልበት አልኩት። ከዚያማ፣ በሉ ሲነጋ እኛው ወርደን እንነግራታለን፣ ከመንገደኛ መስማት የለባትም ብሎኝ ሄደ። ወላሂ፣ እውነት ነው የመሰለኝ።"

ንፍሮው በጽናት እጅ ውስጥ ቀረ። ሰይድ። የአባቷ ረዳት ሰይድ፣ በብብቷ ይዞ ወደ ጋቢናው ብድግ የሚያደርጋት፣ የመኪናውን ጡሩንባ አንዴ ብቻ ንፊ የሚላት ጎልማሳ። ትናንት ሁለት እርምጃ ያህል አጠገቧ ቆሞ አልቅሷል፤ እሷ ያየችው ጥሩ የሚያለቅስ ሽማግሌ ነው። ካሜራውን ማየቱም አላስጠረጠረውም፤ ለቅሶን በውጭ ላሉ ዘመዶች በቪዲዮ ማስቀረጽ ከተለመደ ቆይቷል። እና መርዶ የሚነገረው ጎህ ሲቀድ ነው።

ስልኳን አወጣች። የእናቷን ቁጥር ነካች፣ አንዴ እንደጠራ ዘጋችው። ምን ልትል ነው? ሰዎች መጥተው አባዬ ሞተ ቢሉሽ እንዳታምኚ ልትል ነው? ይህም ራሱ በስልክ የሚነገር መርዶ ነው።

በዚህ መሐል ጉሙ ወሰነ። ከጦሳ ላይ ተነስቶ፣ ዝናብ ሳይዝ፣ ቆርቆሮ ቤቶቹን አንድ በአንድ እየሸፈነ ወረደ። ምንተስኖት ሰዎቹን ቦታ ቦታ እያስያዘ ሲሮጥ ጽናት መንገዱ ላይ ቆመችበት።

"መኪናውን እወስዳለሁ" አለችው።

"አሁን? ጽናት፣ ጉሙ እኮ መጣ።"

"አያለሁ። ድንኳኑ ዝግጁ ነው፣ ሰዎቹ ዝግጁ ናቸው። እኔ ደግሞ ካሜራው ውስጥ የለሁበትም።"

"ምን ተፈጠረ?"

"እናቴ ጋ መርዶ ይዘው ወርደዋል። ፎቶውን አይተው።"

ምንተስኖት ወደ ፎቶው ዞረ። ከአሮጌ ዕቃ ተራ የገዛችው ይመስለው ነበር። አሁን ግንባሩንና አፍንጫውን አየ፣ ከዚያ እሷን አየ።

"ሂጂ" አላት።

ሹፌሩ በሺር ነገሩን በሁለት ቃል ተረድቶ መብራቱን አብርቶ ወጣ። ከደሴ ወደ ኮምቦልቻ የሐረጎን ቁልቁለት መውረድ በደህናው ቀን እንኳ ያስፈራል፤ በጉም ደግሞ መንገዱ ከመኪናው አፍንጫ ሥር እየተሠራ የሚሄድ ነው የሚመስለው። ከፊት የሚመጡ መኪኖች መብራታቸው ብቻ ይመጣል፣ በጎን ያልፋል፣ ምን እንደነበሩ ሳይታወቅ ይሄዳሉ። በሺር፣ ሽማግሌዎቹ የተሳፈሩበት መኪና የቱ እንደሆነ ቢታወቅ ኖሮ በእጥፉ ላይ እንቀድመው ነበር እያለ ያጉረመርማል። ጽናት አልሰማችውም።

ልጅ ሳለች በዚህ መንገድ በአባቷ መኪና ወጥታለች። ጋቢናው የናፍጣና የብርቱካን ልጣጭ ሽታ አለው። በእንቅልፏ መሐል ዓይኗን ስትገልጥ መኪናው ቆሞ ተራራው የሚሄድ ይመስላት ነበር። አባቷ እንዲያ አለመሆኑን አልነገራትም፤ አዎ፣ ዛሬ ሐረጎ ተነስቶ ወደ ባቲ እየሄደ ነው፣ እኛ ቁጭ ብለን እናየዋለን አላት። አሁንም ጉሙ ውስጥ የቆመችው እሷ፣ የሚሄደው ተራራው ሆነባት። ከፊታቸው የሚመጣው እያንዳንዱ ትልቅ መብራት የእሱ ሊሆን ይችል ነበር። ከዓመታት በፊት ቢሆን ኖሮ ሁሉንም ተራ በተራ እሱ ነው ትል ነበር፤ አሁንም ሁለቱን አለች።

ስልኳ ጠራ። ሂሻም ነው፣ በሹክሹክታ። ጉሙ ገብቷል፣ እየቀረጹ ነው፣ ስሚው ብሎ ስልኩን ወደ ድንኳኑ ዘረጋላት። ድምፅ ቀራጩ ቢያየው ይገድለው ነበር። ጽናት ስልኩን ጆሮዋ ላይ ለጠፈችው። የሴቶቹ ለቅሶ መጣ፤ መጀመሪያ አንዷ፣ ከዚያ ሌሎቹ እየተቀባበሉ፣ ሙሾ አውራጇ ስለ መንገድና ስለ መንገደኛ እያነሳች። የሚያለቅሱት ለገንዘብ ነው፣ የሚያለቅሱለትም የድርሰት ሰው ነው። የቆሙት ግን የእሱ ፎቶ ፊት ነው። መኪናው አንድ እጥፋት ሲዞር መስመሩ ተቋረጠ። ስልኩን ከጆሮዋ ሳታነሳ ትንሽ መንገድ ሄደች፤ በሺር አየና መስታወቱን አስተካክሎ ፊቱን ወደ መንገዱ መለሰ።

ከዚያ ጉሙ አለቀ። ከታች ኮምቦልቻ ፀሐይ ላይ ተዘርግታ ታየች፤ የፋብሪካዎቹ ጣሪያ ያበራል፣ ተሳቢ የጎተቱ መኪኖች ወደ ሚሌ ለመውጣት ተሰልፈዋል። አሁን የሚሄዱት ጅቡቲ ነው፤ አሰብን የሚያነሳት የለም።

አረንጓዴው በር ገርበብ ብሏል፣ ደጁ ላይ አንድ ሚኒባስ ቆሟል። ጽናት ከመኪናው ዘላ ወረደች። ግቢው ውስጥ ጤና አዳም የበቀለበት የአባቷ አሮጌ ጎማ በቦታው ነው። ከቤት ውስጥ የለቅሶ ድምፅ አይሰማም። ደርሼያለሁ አለች በልቧ።

ሰይድና ሁለት የድሮ ሾፌሮች ጋቢያቸውን እንደተከናነቡ ሶፋው ጫፍ ላይ ተደርድረዋል። ስለ ዝናቡ ጠይቀዋል፣ ስለ ጤና ጠይቀዋል፣ ስለ ጤፍ ዋጋ ተነጋግረዋል፤ ወደ ነገሩ ለመግባት አንዱ አንዱን ሲጠብቅ ነበር። ንጋቷ ከኪዳን እንደተመለሰች፣ የቤቱን ቁልፍ በእጇ እንደጨበጠች፣ የጓዳው በር ጋ ቆማለች። ምን አመጣችሁ ብላ አልጠየቀችም። በዚህ ሰዓት ስለ ዝናብ ለመጠየቅ ከደሴ የሚወርድ ሰው እንደሌለ ታውቃለች።

ሰይድ ጽናትን ሲያይ ተነሳ። በአንድ ቀን ያረጀ ነበር የሚመስለው።

"አብሽሪ ልጄ" አላት፣ እንባው እየቀደመው። "አንቺም ሰማሽ?"

"ጋሼ ሰይድ፣ ይቅር በሉኝ" አለች። "ድንኳኑ የፊልም ነው። አባዬ ሞቷል ያለ ሰው የለም። ፎቶውን እኔ ነኝ የሰቀልኩት።"

አንደኛው ሾፌር ፊልም ማለት ምን ለማለት እንደሆነ ሌላውን በጆሮው ጠየቀው። ሰይድ ቀስ ብሎ ተቀመጠ። ኮፊያውን አውልቆ ጉልበቱ ላይ አደረገው፣ መልሶ አነሳው።

"ታዲያ እኔ ትናንት ለማን ነው ያለቀስኩት?" አለ።

ጽናት ዕድሜዋን ሙሉ እንደዚያ ቀን አፍራ አታውቅም። ሽማግሌዎቹ እርስ በርስ ተያዩና፣ እትዬ ንጋቷ አውፍ በይን፣ ይቅር በይን፣ ሳናጣራ ነው የመጣነው፣ ሐዘን ይዘን ቤትሽ ገባን እያሉ ለመሄድ ተነሱ።

"ተቀመጡ" አለች ንጋቷ።

ተቀመጡ። እሷ ወደ ልጇ ዞረች። ግድግዳው ላይ ፎቶው የነበረበት ቦታ ከሌላው ነጣ ብሎ ይታያል።

"መስታወቱ ሊቀየር አልነበረም?"

"ዋሽቼሽ ነው እማዬ።"

ንጋቷ ራሷን ነቀነቀች፤ በዚህኛው ላይ የምታጠፋው ጊዜ የላትም። "ፊልሞችሽን ሁሉ አይቻለሁ" አለች። "ጎረቤት ሰብስቤ ነው የማየው። እነሱ ተዋናይዋን ያያሉ፣ እኔ በራችንን እፈልጋለሁ። አንድም ጊዜ ሳላገኘው ቀርቼ አላውቅም።"

"እሱ ካየው ብዬ ነው።"

"ለምን እንደሆነማ አውቃለሁ። እኔስ ለምንድን ነው የምቀባው?" ቁልፉን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችው። "አይቶት ከሆነ አልመጣም። ካላየው ደግሞ የለም። ሁለቱንም ተሸክሜ ነው አስራ ሁለት ዓመት የኖርኩት። ባል አለኝ እንዳልል ማን ያምነኛል፣ ሞቶብኛል እንዳልል ማን ነገረኝ? ሰው ቤት ለቅሶ ስደርስ እንኳ የራሴን እያሰብኩ ሳለቅስ፣ ይቺ ሴት ምን ሆነች ይላሉ።"

ሰይድ ኮፊያውን አጥልቆ ወደ እሷ ዞረ።

"ዛሬ ጠዋት ከኪዳን ስመለስ ደጁ ላይ ጋቢያችሁን ተከናንባችሁ አየኋችሁ" አለች ንጋቷ። ድምጿ አሁን ነው የተሰበረው። "ምን እንዳልኩ ታውቃላችሁ? እፎይ፣ መጡልኝ አልኩ። እግዜር ይቅር ይበለኝ፣ እፎይ ነው ያልኩት። አሁን ሐሰት ነው ብላችሁ ጥላችሁኝ ልትሄዱ ነው?"

"በሕይወት ካለስ፣ እትዬ?" አለ ሰይድ።

"ካለማ መጥቶ ድንኳኑን ያፍርሰው።"

ከሽማግሌዎቹ አንዱ ሳይታሰብ ሳቀ፤ ወርቅአፈራሁን የሚያውቀው ሰው ነው፣ ሲያፈርሰው ታይቶት ይሆናል። ንጋቷም ልትስቅ ስትል ፊቷ ተለወጠ። ነጠላዋን አዘቀዘቀች፣ ምንጣፉ ላይ ቁጭ አለች፣ ማልቀስ ጀመረች። ሙሾ አላወረደችም፣ ደረቷን አልመታችም፤ እንባዋ ሲጠራቀም እንደኖረ ውኃ ዝም ብሎ ይወርድ ነበር። ሰይድ አጠገቧ መሬት ላይ ተቀመጠና፣ ኢናሊላሂ ወኢና ኢለይሂ ራጂዑን ብሎ እሱም የትናንቱን ቀጠለ። አሁን ለማን እንደሚያለቅስ ያውቃል። ጽናት እናቷን አቅፋ ራሷን ትከሻዋ ላይ ጣለች፤ ለምን ያህል ጊዜ እንደቆዩ አታስታውስም።

ጎረቤት ድምፅ ሰምቶ መግባት ሲጀምር ጽናት ወደ ግቢው ወጥታ ለሂሻም ደወለች። ሂሻም በደስታ ሰክሯል። ጉሙ እስከ መጨረሻው ቆመላቸው፣ እንዲህ ያለ ሲን በሕይወቱ አላየም፣ ምንተስኖት ካሜራማኑን ሳመው። ጽናት እስኪጨርስ ጠበቀችው።

"ድንኳኑን ንቀሉና ወደዚህ አውርዱት" አለችው። "በሺርን እልክልሃለሁ።"

"ኮምቦልቻ? የእድሩ ሰዎች እኮ ዛሬ ይመለስልን ብለዋል።"

"ድንኳናችን ለለቅሶ ብቻ ነው የሚወጣው አላሉንም? ለለቅሶ ነው በላቸው። ፎቶውንም ይዛችሁት ኑ።"

ለሂሻም ነገሩ ገባው። ቢሆንም ሥራውን የሚወድ ልጅ ነውና፣ ፎቶው ለነገው ሲንም ያስፈልጋል፣ ዛሬ ታይቶ ነገ ከጠፋ ኮንቲኒዩቲው ይበላሻል አላት። ይህን ያስተማረችው ራሷ ናት።

"ይበላሽ" አለችው። "የተውሶ ዕቃ ነው፣ ዛሬ መመለስ አለበት።"

ከቀትር በፊት ድንኳኑ ደረሰ። ሻይ የተረጨበት መጣፊያ በኮምቦልቻ ፀሐይ ሲታይ ጥቂት አስቂኝ ነበር፤ ማንም ግን ወደ ላይ አላየም። ገመዱን ሊወጥሩት ሲሉ ጽናት፣ ተዉት እንዲሁ ይሁን ልትል አስባ ተወችው፤ እንደፈለጉ ተከሉት። ከመኪናው ጋቢና እማማ ራቢያ ከነሳፋቸው ወረዱ። ማንም ኑ አላላቸውም። የጠዋቱ ንፍሮ አላለቀም፣ ቦታው ይኸ ከሆነ ደግሞ ለምን እዚያ ይቀመጣል ብለው ነው የመጡት። ንጋቷን ሳያውቋት አቅፈው አለቀሱ፣ ከዚያ ሴቶቹ መሐል ተቀምጠው ንፍሮውን ያድሉ ጀመር።

ፎቶውን ድንኳኑ ውስጥ ሊሰቅሉት ሲያነሱት ንጋቷ አልሆነም አለች። ቦታው ውስጥ ነው። ጽናት ይዛው ገባችና ምስማሩ ላይ አንጠለጠለችው፤ የነጣውን ቦታ አንዲት ጣት ሳይስት ሸፈነው። ንጋቷ መጥታ በነጠላዋ ጫፍ ወለወለችው። ስንጥቁ ጋ ስትደርስ ቀስ አለች።

አመሻሽ ላይ የሩቁ ሰው ሄደ። ሰይድ ድንኳኑ ውስጥ ከሾፌሮቹ ጋር ተቀምጦ የአሰብን መንገድ ያነሳል፤ ወርቅአፈራሁ አንድ ጊዜ በረሃ ላይ መኪና ተበላሽቶበት ሲዘፍን ያደረበትን እየነገረ ያስቃቸዋል። ከሐረጎ በኩል የደሴ ጉም እንደ ነጭ መጋረጃ ተራራው አናት ላይ ተንጠልጥሏል፤ ወደዚህ ግን አይወርድም። እናትና ልጅ በሩ አጠገብ ጎማው ጠርዝ ላይ ተቀመጡ። የበሩ ቀለም የክረምቱ ዝናብ በልቶት እዚህም እዚያም ተልጧል።

"ያን ቀለም ገዛሽልኝ?" አለች ንጋቷ።

"መኪናው ውስጥ ነው። ነገ ከመሄዴ በፊት ልቀባልሽ?"

ንጋቷ በሩን ከላይ እስከ ታች አየችው። "ተይው" አለች። "ይህን ሁሉ ዓመት የቀባሁት እኔ ነኝ። ከመጣ እሱ ይቀባው።"

ጽናት ተነስታ ቆርቆሮውን ከመኪናው አወጣችው። ክዳኑ አልተከፈተም። በነገው ቀረጻ ላይ የሚታይ አንድ የሱቅ በር አለ፤ ከዚሁ ቆርቆሮ ጥቂት ቀንሳ ልትቀባው አስባ ነበር። ቆርቆሮውን ወደ ቤት አስገብታ ከፎቶው ሥር፣ ግድግዳውን አስጠግታ አስቀመጠችው፣ የእናቷን የቀለም ብሩሽም ከላዩ አደረገችው። ከዚያ ለሂሻም ደውላ፣ የሱቁን በር ማንም እንዳይነካው፣ እንዳለ እንዲቀረጽ ነገረችው።